ካይዘሩ ፊት ጭቃ ውስጥ የወደቀው ሰው

ጊዜው 1892 ነው፤ ቦታው በርሊን። (ዓመቶቹንም ወሮቹንም ሁሉ በፈረንጆቹ አቆጣጠር ነው የምጠቅሰው።) ሥራ ያጡ ሰዎች «ዳቦ! ሥራ!» እያሉ መንገዱን ሞልተውታል። ወጣቱ ካይዘር (የጀርመን ንጉሠ ነገሥት) ቪልሄልም ዳግማዊ በፈረስ ተቀምጦ በመሃላቸው ያልፋል። አንድ ወፈር ያለ ተማሪ ካይዘሩን ሲያይ ልቡ ይጠፋል። ባርኔጣውን እያውለበለበ፣ ጉሮሮው እስኪሰነጠቅ እየጮኸ፣ ከኋላ ከኋላ ይሮጣል። መናፈሻው ውስጥ ሰው በሌለበት መንገድ ላይ ከንጉሠ ነገሥቱ ጋር ፊት ለፊት ይገጣጠማል። ባርኔጣውን ሊያነሳ ሲል እግሩ ይከዳዋል። ዘጭ! ኩሬ ውስጥ በቂጡ ተቀመጠ፤ እግሮቹ ሽቅብ ተሰቅለዋል፣ ጭቃ ውሃው ዙሪያውን ይረጫል። ካይዘሩ አይቶት ሳቀ።

ተማሪው ዲደሪሽ ሄስሊንግ ይባላል። የልብወለድ ሰው ነው። የፈጠረው ጀርመናዊው ደራሲ ሃይንሪሽ ማን ሲሆን የመጽሐፉ ርዕስ «ዴር ኡንተርታን» ነው። ወደ አማርኛ ስንመልሰው «ተገዥው» እንበለው። የሃይንሪሽ ስም ከታናሽ ወንድሙ ከቶማስ ማን ስም ያነሰ ነው የሚነሳው። ሲነሳም ብዙ ጊዜ በአንድ ዓረፍተ ነገር ይታለፋል፦ «ከማኅበራዊ ስላቅ ወደ ፖለቲካዊ ጽሑፍ የተሻገረ ደራሲ»።

አባባሉ ልክ ነው። ግን ምን ማለት ነው? ሰው አንድ ቀን ጠዋት ተነስቶ ቀልዱን ትቶ ፖለቲካ ይጀምራል?

እንደዚያ አልሆነም። ኩሬውን ተመልከቱ። ትዕይንቱ ያስቃል፣ እኔ በበኩሌ ደጋግሜ ስቄበታለሁ። ግን ሳቁ ሲያልፍ አንድ ነገር ይቆረቁራል። ይሄ ሰውዬ ለምንድነው የሚሮጠው? ማንም አላስገደደውም። ደመወዝም የለው። ሃይንሪሽ ማን ሳቁን አልተወም፤ ከሳቁ ቀጥሎ የሚመጣውን ጥያቄ ነው የጨመረበት።

ልዩነቱን በአጭሩ ላስቀምጠው። ማኅበራዊ ስላቅ ድግስ ላይ ጥግ ይዞ የሚቀመጥ እንግዳ ነው። ማን አዲስ ልብስ ለበሰ፣ ማን ያልገባውን ሙዚቃ ሲሰማ አለቀሰ፣ ማን ባሏ እያየ ከማን ጋር ተሽኮረመመች፣ እሱን ይቆጥራል። ፖለቲካዊ ጽሑፍ ደግሞ ከዚያው ወንበር ላይ ሆኖ ሌላ ይጠይቃል። የድግሱን ሂሳብ ማን ከፈለ? ዘበኛው ማንን ነው በር ላይ የሚመልሰው? ጋባዡ ሲገባ ሰው ሁሉ ለምን በአንድ ጊዜ ይነሳል? ሁለቱ የሚያዩት ሰው አንድ ሊሆን ይችላል። የሚፈልጉት መልስ ነው የሚለየው።

ሃይንሪሽ በ1871 ሉቤክ በምትባል የሰሜን ጀርመን የወደብ ከተማ ተወለደ። አባቱ የእህል ነጋዴና የከተማዋ ሴናተር ነበር። እናቱ ብራዚል የተወለደች ናት። አባትየው የልጁን የመጻፍ ፍላጎት ፈጽሞ አልወደደውም። እንዲያውም ኑዛዜው ላይ «የበኩር ልጄን የሥነ ጽሑፍ ዝንባሌ ተቃወሙ» የሚል መልእክት አስፍሯል። ሰውዬው በ1891 ሲሞት በኑዛዜው መሠረት የንግድ ቤቱ ተዘጋ። ድርሻው ለልጁ የሚያኖር ገቢ ሆነለት። ጣሊያን ሄዶ ጻፈ። የአባትየው ገንዘብ አባትየው የጠላውን ሥራ ቀለበ ማለት ነው።

እዚህ ላይ አድናቂዎቹ ቶሎ የሚያልፉት ነገር አለ። ሃይንሪሽ በሃያዎቹ አጋማሽ ላይ፣ በ1895 እና በ1896፣ የአንድ ወግ አጥባቂ መጽሔት አዘጋጅ ነበር። መጽሔቱ ብሔርተኛ ነው፣ አይሁድን የሚጠላ ነው፣ ዴሞክራሲን የሚንቅ ነው። እሱም በዚያው መንፈስ ጽፎበታል። ይሄን የማነሳው ላዋርደው ብዬ አይደለም። በኋላ «ተገዥው»ን ሲጽፍ ዲደሪሽን ከውጭ ብቻ አልነበረም የሚያውቀው። ያ ቋንቋ አንድ ወቅት በራሱ ብዕር አልፏል።

በ1900 «የጥጋብ አገር» ብለን ልንጠራው የምንችለውን ልብወለድ አወጣ። እውነተኛው ማኅበራዊ ስላቅ ይሄ ነው። አንድ የደሃ ቤት ተማሪ ወደ በርሊን ይመጣል፣ የአንድ ቱጃር ባለባንክ ቤት ይገባል፣ የባለባንኩን ሚስት ይወዳጃል፣ ሳይጽፍ ደራሲ ይባላል። ጋዜጣው፣ ቴአትሩ፣ አክሲዮኑ ሁሉ በአንድ ሳሎን ውስጥ ይሸጣል፣ ይገዛል። ብዕሩ ስል ነው። ግን ዛሬ ሲያነቡት ይጎረብጣል። የሚሳቅባቸው ሀብታሞች አይሁድ ናቸው፤ የዚያ መጽሔት ሽታ ገና ከገጹ አልለቀቀም። ከዚያ በላይ ደግሞ እውነተኛው ሥልጣን፣ ማለትም ቤተ መንግሥቱ፣ ጦሩና ቢሮክራሲው፣ መጽሐፉ ውስጥ ብዙም የለም። የስላቅ ድክመቱ እዚህ ጋ ነው። ለመሳቅ የሚቀለው ሰው ሁልጊዜ ሊሳቅበት የሚገባው ሰው አይደለም።

በእርግጥ ላይኛው ላይ መሳቅ ዋጋ ያስከፍል ነበር። ካይዘሩ በ1898 ፍልስጤምን ሲጎበኝ «ዚምፕሊሲሲሙስ» የተባለው የቀልድ መጽሔት በጉዞው ላይ አላገጠ። ግጥሙን የጻፈው ፍራንክ ቬደኪንድ ታሰረ። ሥዕሉን የሠራውም ታሰረ። አሳታሚው አልበርት ላንገን ከአገር ሸሸ፤ ለዓመታትም አልተመለሰም። ይሄው ላንገን ነው «የጥጋብ አገር»ን ያሳተመው። ንጉሠ ነገሥቱን መስደብ በሕግ ወንጀል ነበር። ሃይንሪሽ ይሄን ሁሉ ከቅርብ ያውቃል።

በ1905 «ፕሮፌሰር ኡንራት» መጣ። በኋላ በ1930 «ሰማያዊው መልአክ» የሚባለው ፊልም የተሠራበት፣ ማርሌነ ዲትሪሽን በዓለም ያስተዋወቀው ታሪክ ነው። ፊልሙን ያየ ሰው አንድ ምስኪን መምህር በዘፋኝ ፍቅር ሲዋረድ ያስታውሳል። መጽሐፉ ግን ምስኪን አያውቅም። መምህሩ ራት ይባላል፤ ተማሪዎቹ ስሙን አጣመው «ኡንራት» ይሉታል፣ ቆሻሻ እንደማለት። የመጽሐፉ ንዑስ ርዕስ «የአንድ አምባገነን ፍጻሜ» ነው። ክፍሉ መንግሥቱ ነው፣ ተማሪዎቹ ሕዝቡ፣ ያልታዘዘ ሁሉ አመፀኛ። ከዘፋኟ ጋር ከተያዘና ከሥራ ከተባረረ በኋላ ደግሞ ቤቱን የቁማርና የጭፈራ ቤት አድርጎ የከተማዋን ጨዋ ነን ባዮች በሙሉ ያከስራቸዋል። ሥርዓት አስከባሪ የነበረው ሰው ሥርዓት አፍራሽ ሆነ። ሃይንሪሽ እዚህ ጋ አንድ ነገር አግኝቷል። አምባገነን ዙፋን ላይ ብቻ አይቀመጥም። ጥቁር ሰሌዳ ፊትም አርጩሜ ይዞ ይቆማል።

ቀጣዩ ዓመት የሚገርም ነገር አመጣ። ጥቅምት 1906፣ በርሊን አጠገብ ኬፐኒክ የምትባል ከተማ ውስጥ፣ ቪልሄልም ፎይግት የተባለ እስር ቤት የለመደ ጫማ ሠሪ አሮጌ የሻምበል መለዮ ገዝቶ ለበሰ። መንገድ ላይ ያገኛቸውን ወታደሮች «ተከተሉኝ» አላቸው። ተከተሉት። ማዘጋጃ ቤት ገብቶ ከንቲባውን አሰረ፣ ካዝናውን አስከፍቶ 4,000 ማርክ ገደማ ይዞ ሄደ።  መለዮው በቂ ነበር። ዓለም ሳቀ፤ ጀርመኖችም ሳቁ። ሃይንሪሽ ማን ለ«ተገዥው» የመጀመሪያ ማስታወሻዎቹን መያዝ የጀመረው በዚያው በ1906 ነው። አንዱ ሌላውን ወለደ አልልም። ግን አየሩ ይሄ ነበር።

ሌላው ነገር ጣሊያንና ፈረንሳይ ናቸው። ጣሊያን ውስጥ ሰዎች አደባባይ ላይ ሲጨቃጨቁ፣ ሲሰዳደቡ፣ ከዚያ ሲታረቁ አይቷል። በ1909 ያወጣው «ትንሿ ከተማ» አንድ የኦፔራ ቡድን የጣሊያን ከተማን እንዴት ለሁለት እንደከፈላትና መልሶ እንዳገናኛት የሚተርክ ነው። እሱ ራሱ የዴሞክራሲ መዝሙር አድርጎ ነበር የሚያየው። ከፈረንሳይ ደግሞ ደራሲ ምን መሆን እንደሚችል ተማረ። በ1910 «መንፈስና ተግባር» የሚል ጽሑፍ ጻፈ። ክርክሩ ቀላል ነው። የፈረንሳይ ደራሲዎች ከሩሶ እስከ ዞላ ሥልጣንን ተጋፍተዋል፣ ሕዝቡም ሰምቷቸዋል። የጀርመን ደራሲ ግን ወይ ደመና ላይ ወጥቶ ይፈላሰፋል፣ ወይ ለገዢው ጌጥ ይሆናል። ከጌታው ጋር የሚያብር ጸሐፊ መንፈስን ከድቷል። የተሻገረበትን ቀን አሳየን የሚለኝ ካለ ይህን ጽሑፍ ነው የማሳየው።

አሁን ወደ ዲደሪሽ እንመለስ፤ መጽሐፉ ሀብቱ ዝርዝሩ ውስጥ ነው።

ዲደሪሽ የአንድ አነስተኛ የወረቀት ፋብሪካ ባለቤት ልጅ ነው። ለስላሳ፣ ፈሪ፣ ጆሮው የሚታመም ልጅ። አባቱ ይገርፈዋል። አንድ ቀን ተገርፎ ሲያለቅስ ሠራተኞቹ ይስቁበታል። ምን እንደመለሰላቸው ታውቃላችሁ? እኔን የገረፈኝ አባቴ ነው፤ እናንተ በእሱ ለመገረፍ እንኳ አትበቁም አላቸው። ትምህርት ቤት ሲገባ ደግሞ በመምህሩ ልደት ቀን ተማሪዎች ጠረጴዛውንና ሰሌዳውን በአበባ ያስጌጣሉ። ዲደሪሽ ከሁሉ ብሶ አርጩሜውን ሳይቀር በአበባ ይጠመጥመዋል።

እዚህ ላይ ትንሽ ቆም እንበል። የሚመታህን ዱላ በአበባ ማስጌጥ። ስላቁም ፖለቲካውም በዚህች አንዲት ምስል ውስጥ አለ። ልጁ ዱላውን ይፈራል፤ ግን ዱላው የሚወክለው ኃይል የእሱም እንደሆነ ይሰማዋል። ነገ ዱላው በእሱ እጅ ሊገባ ይችላላ! ጀርመኖች ለእንዲህ ዓይነቱ ሰው ጥሩ ስም አላቸው፤ «ብስክሌት ነጂ» ይሉታል። ወደ ላይ ጀርባውን ያጎብጣል፣ ወደ ታች ይረግጣል።

ዲደሪሽ ያድጋል። አገር ወዳድ ነኝ ይላል፣ ወታደርነትን ግን በሰው በሰው ብሎ ያመልጣታል። አባቱ ሲሞት ፋብሪካውን ይረከብና ሠራተኞቹን ሰብስቦ በካይዘሩ ቃላት ይደነፋባቸዋል። ጺሙን እንደ ካይዘሩ ሽቅብ ያቆማል። አንድ የከተማው ሰው ንጉሠ ነገሥቱን ተሳድቧል ተብሎ ሲከሰስ ቀንደኛው ምስክር እሱ ነው። አንድ ወታደር ከሥራ የተባረረ ወጣት መንገድ ላይ በጥይት ሲገድል ዲደሪሽ ጮቤ ይረግጣል። ካይዘሩ ወታደሩን ያመሰገነበትና ማዕረግ የሰጠበት ቴሌግራም ራሱ ፈጥሮ ይጽፍና ለጋዜጣ ይሰጣል። የሚገርመው፣ ከላይ ማስተባበያ አይመጣም። ውሸቱ ልክ ካይዘሩ ሊለው የሚችለው ነበርና እውነት ሆኖ ቀረ።

ከሁሉ የምወደው ግን ንግዱ ነው። የወረቀት ፋብሪካው አዲስ ምርት ያወጣል፦ የአገር ፍቅር መፈክር የታተመበት የሽንት ቤት ወረቀት። የምርቱ ስም «የዓለም ኃያል» የሚል ነው። ሃይንሪሽ ማብራሪያ አልጨመረበትም። እኔም አልጨምርም።

ታዲያ ይሄ ስላቅ ነው ወይስ ፖለቲካ? «የጥጋብ አገር» ውስጥ ሰዎቹ አስቂኝ ናቸው፣ መጽሐፉን ዘግተን እንሄዳለን። «ተገዥው» ውስጥ አስቂኙ ሰው ያሸንፋል። የከተማውን መሬት ይጠቀልላል፣ ባላንጣዎቹን ያከስራል፣ ኒሻን ይቀበላል። በነገሥታቱ ላይ በተነሳው የ1848ቱ አብዮት የተሳተፉት ሽማግሌ ቡክ፣ ከተማው ድሮ የሚያከብራቸው ሰው፣ በመጨረሻው ገጽ ሊሞቱ ሲያጣጥሩ ዲደሪሽን በር ላይ ያዩታል። ይደነግጣሉ። አጠገባቸው ያለች ሴት ሰይጣን አዩ ብላ ትጮኻለች። ሳቁ እዚያ ላይ ይቆማል።

መጽሐፉ በ1914 መጀመሪያ ላይ በአንድ መጽሔት በተከታታይ መውጣት ጀመረ። ነሐሴ ላይ ጦርነቱ ፈነዳ፤ መጽሔቱ ወዲያው አቋረጠው። በእንዲህ ያለ ጊዜ የንጉሠ ነገሥቱን ታማኞች ማን ይሰድባል? ሕዝቡ ያነበበው ጦርነቱ አልቆ፣ ካይዘሩ ሸሽቶ ሆላንድ ከገባ በኋላ ነው፤ በ1918 መጨረሻ። በሳምንታት ውስጥ ወደ 100,000 ቅጂ ተሸጠ። ሰው ትንቢት ነው አለ። ትንቢት አልነበረም፤ ከጦርነቱ በፊት ተጽፎ ያለቀ፣ ሁሉም የሚያውቀው ጎረቤት ታሪክ ነው።

በጦርነቱ መሃል ሌላ መንገድ ሞከረ። በ1915 ስለ ኤሚል ዞላ ረጅም ጽሑፍ አወጣ። ዞላ ያለ ጥፋቱ የተፈረደበትን አይሁዳዊ መኮንን ድሬይፉስን በ1898 «እከሳለሁ» ብሎ የተሟገተው ፈረንሳዊ ደራሲ ነው። ለሳንሱሩ ጽሑፉ የሞተ የውጭ ደራሲ የሕይወት ታሪክ ነበር። እኛ ብንሆን ሰምና ወርቅ ነው የምንለው። ሰሙ ዞላና የናፖሊዮን ሣልሳዊ ፈረንሳይ፤ ወርቁ የቪልሄልም ጀርመን። በውሸት ላይ የቆመ መንግሥት በጦርነት ይፈርሳል የሚለው ቃል ማንን እንደሚመለከት አንባቢው አልጠፋውም።

አንዱ አንባቢ ግን ሌላ ወርቅ አገኘበት። ቶማስ ማን ጦርነቱን ደግፎ ጽፎ ነበር። የወንድሙን ጽሑፍ ከፈተና ገና ሁለተኛው ዓረፍተ ነገር ላይ ተወጋ። ገና በሃያዎቹ ዕድሜ በስሎ የታየ ሰው ቶሎ ይደርቃል የሚል ነገር ነበረበት። ቶማስ ትልቁን ልብወለዱን በ26 ዓመቱ ያወጣ ሰው ነው። ስለ እኔ ነው አለ። ሁለቱ ለዓመታት አልተነጋገሩም። ቶማስ መልሱን ለመጻፍ የጦርነቱን ዓመታት ፈጀ፤ በ1918 የወጣው ያ ወፍራም መጽሐፍ ጀርመናዊ መንፈስ ከፖለቲካ በላይ ነው ብሎ የሚሟገት ነው። ፖለቲካ አያገባኝም ለማለት በመቶዎች የሚቆጠሩ ገጾች ፖለቲካ ጻፈ። በ1922 መጀመሪያ ሃይንሪሽ ክፉኛ ታመመ። ቶማስ አበባ ላከለት፣ ታረቁ። በዚያው ዓመት መከር ላይ ቶማስ አደባባይ ወጥቶ ከካይዘሩ በኋላ የቆመውን ሪፐብሊክ ደገፈ። ታላቁ ከ12 ዓመት በፊት የቆመበት ቦታ ታናሹ ደረሰ።

ከዚህ በኋላ ያለው ሃይንሪሽ ደራሲ ብቻ አልነበረም። ንግግር ያደርጋል፣ ይፈርማል፣ ስለ ሪፐብሊኩ ይጨነቃል። በ1931 የፕሩሲያ የሥነ ጥበብ አካዳሚ የሥነ ጽሑፍ ክፍል ሊቀ መንበር ሆነ። በ1933 ሂትለር ሥልጣን እንደያዘ ሶሻል ዴሞክራቶችና ኮሚኒስቶች በምርጫው እንዲተባበሩ የሚጠይቅ ጥሪ በርሊን ውስጥ ተለጠፈ። ከፈራሚዎቹ መካከል እሱና ሠዓሊዋ ኬተ ኮልቪትስ ነበሩ። አዲሶቹ ገዢዎች አካዳሚውን እንዘጋዋለን ብለው አስፈራሩ። የካቲት አጋማሽ ላይ ሁለቱም ለቀው ወጡ። ከቀናት በኋላ፣ የካቲት 21፣ ወደ 62 ዓመት የተጠጋው ሰው ለመንሸራሸር እንደወጣ ሰው ቀለል ብሎ ባቡር ተሳፈረ፤ ራይን ወንዝን ተሻግሮ ፈረንሳይ ገባ። ግንቦት ላይ መጻሕፍቱ ሲቃጠሉ ስሙ በእሳቱ ፊት ተጠራ። ነሐሴ ላይ ዜግነታቸውን በተነጠቁት ሰዎች የመጀመሪያ ዝርዝር ውስጥ ገባ። በዚያው ዓመት «ጥላቻው» የሚል የጽሑፍ ስብስብ አወጣ። እዚያ ላይ ቀልድ የለም ማለት ይቻላል።

ፖለቲካው ጥበቡን ጎዳው ወይ? አንዳንዱን፣ አዎ። የስደት ዘመን ጽሑፎቹ ውስጥ መፈክር የሚሸታቸው አሉ። ስለ ስታሊን ሶቪየት ሲጽፍ ደግሞ ለካይዘሩ የነበረው ስል ዓይን የት እንደገባ አይታወቅም፤ በ1946 ባወጣው የትዝታ መጽሐፉ ሳይቀር አወድሶታል። ናዚን ለመጣል የተባበረ ሁሉ ወዳጅ መስሎት ነበር። ግን በዚሁ ስደት ስለ ፈረንሳዩ ንጉሥ ሄንሪ አራተኛ ሁለት ትላልቅ ልብወለዶች ጻፈ፤ በ1935 እና በ1938። የሃይማኖት ጦርነትን ያስቆመ፣ ሕዝቡን የሚወድ፣ ስህተት የሚሠራ፣ የሚስቅ ንጉሥ። ዕድሜ ልኩን ተገዥን የሣለ ሰው በመጨረሻ ጥሩ ገዢ ምን እንደሚመስል ለመሣል ሞከረ። ለእኔ ከሥራዎቹ ሁሉ ሞቃቱ ያ ነው።

በ1940 ፈረንሳይ ስትወድቅ 69 ዓመቱ ነበር። ከሚስቱ ከኔሊና ከወንድሙ ልጅ ከጎሎ ጋር የፒሬኔን ተራራ በእግሩ ወጥቶ ስፔን ገባ፣ ከዚያ ሊዝበን፣ ከዚያ አሜሪካ። ሆሊውድ ውስጥ ዋርነር ብራዘርስ የአንድ ዓመት የፊልም ጽሑፍ ሥራ ሰጠው። ከጻፈው አንድም አልተሠራም። ዓመቱ ሲያልቅ ገቢው ተቋረጠ፣ በወንድሙ እርዳታ ኖረ። ኔሊ በ1944 መጨረሻ ራሷን አጠፋች። ምሥራቅ በርሊን አዲስ የሚከፈተውን የሥነ ጥበብ አካዳሚ ምራልን ብላ ጠራችው። ሻንጣው ሳይዘጋ መጋቢት 1950 ሳንታ ሞኒካ ውስጥ ሞተ።

በቀጣዩ ዓመት ምሥራቅ ጀርመኖች «ተገዥው»ን ፊልም አደረጉት፤ ዳይሬክተሩ ቮልፍጋንግ ሽታውደ ነበር። ካይዘሩ ከሞተ አሥር ዓመት አልፎታል፣ ሂትለርም የለም። ምዕራብ ጀርመን ግን ፊልሙ በሲኒማ እንዳይታይ ከለከለች። የተፈቀደው በ1957 ነው፤ ያኔም ተቆራርጦ።